«ለይላ» ማለት «ሌሊት» ማለት ነውን? በአንድ የተጸውኦ ስም አፈታት ላይ የቀረበ ሂስ

1. መነሻ

የተጸውኦ ስም በመዝገበ ቃላት ውስጥ ስፍራ ይኑረው ወይስ አይኑረው የሚለው ጥያቄ በመዝገበ ቃላት አዘጋጆች መካከል ገና ያልተቋጨ ክርክር ነው። አንደኛው ወገን፥ ስም የባለቤቱ እንጂ የቋንቋው አይደለምና መዝገበ ቃላት ሊሸከመው አይገባም ይላል። ሁለተኛው ወገን ግን፥ ስምም እንደ ማናቸውም ቃል ሥር፥ ዘርና ታሪክ ያለው ስለሆነ፥ ተርጓሚንም ከተራው ቃል ይልቅ የሚያስቸግረው እርሱ ስለሆነ፥ በሚገባ ተፈትቶ መመዝገብ አለበት ይላል። እኛ ከሁለተኛው ወገን ነን። ይሁን እንጂ «በሚገባ ተፈትቶ» የሚለውን አጥብቀን እንይዛለን፤ በግማሽ የተፈታ ስም ጨርሶ ካልተፈታው ይልቅ ጉዳቱ ይበዛልና።

ይህን ለመጻፍ ያነሣሣን ለአስተያየት የቀረበልን አንድ የስሞች መፍቻ ረቂቅ ነው። ረቂቁ ከዐረብኛ የመጡና በአገራችን ሙስሊሞች ዘንድ የሚዘወተሩ ስሞችን በአማርኛ ለመፍታት የታሰበ ነው። ሐሳቡ የሚመሰገን ነው፤ እነዚህ ስሞች ለብዙ መቶ ዓመታት በወሎ፥ በሐረር፥ በጅማና በሌሎችም ስፍራዎች ሲጠሩ ኖረው ሳለ፥ በአማርኛ የቃላት ጥናት ውስጥ እንደ እንግዳ ከደጅ መቆማቸው ተገቢ አልነበረም። ሆኖም ከስሞቹ አንዱ የሆነው «ለይላ» በረቂቁ ውስጥ የተፈታው እንደሚከተለው ነው፦ «ለይላ፤ የሴት ስም። ሌሊት ማለት ነው። በሌሊት ለተወለደች ልጅ ይወጣል። "አልፍ ለይላ ወለይላ" ከሚለው መጽሐፍ ርእስ ጋር ይነጻጸራል። ሌይላ፥ ላይላ፥ ሌላ ተብሎም ይጻፋል።»

በእነዚህ አምስት አጫጭር ዐረፍተ ነገሮች ውስጥ ያለ ጥርጥር እውነት የሆነው የመጀመሪያው ብቻ ነው። ሁለተኛው ግማሽ እውነት ነው፤ ሦስተኛው ግምት ነው፤ አራተኛው ስሕተት ነው፤ አምስተኛው ደግሞ ስሕተትን ሕግ ያደርጋል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ እያንዳንዱን በየተራ መርምሮ፥ በመጨረሻ የተሻለ የምንለውን ፍች ማቅረብ ነው።

2. ዝምድና ፍች አይደለም

«ለይላ» እና «ሌሊት» ዘመዳሞች መሆናቸው አያከራክርም። በዐረብኛ «ለይል»፥ በዕብራይስጥ «ላይላ»፥ በሱርስት «ሌልያ»፥ በግእዝና በአማርኛ «ሌሊት»፥ በትግርኛ «ለይቲ» የሚሉት ሁሉ ከአንድ ጥንታዊ የሴማውያን ቃል የወጡ ናቸው። አለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ በ1948 ዓ.ም. በታተመው መዝገበ ቃላታቸው ግእዝን ከዕብራይስጥ፥ ከሱርስትና ከዐረብኛ ጋር እያስተያዩ መፍታትን ካስተማሩን ወዲህ፥ እንዲህ ያለውን ዝምድና መለየት ለኛ አገር ተመራማሪ አዲስ ነገር አይደለም።

በዐረብኛው የሚሰማው «አይ» በግእዙ «ኤ» ሆኗል። ዐረብኛ «በይት» ሲል ግእዝና አማርኛ «ቤት» እንደሚሉት ሁሉ፥ «ለይል» ሲል እኛ ዘንድ «ሌል-» ሆኖ በላዩ የአንስታይ ጾታ ምልክት የሆነው «ት» ተጨምሮበታል። ለውጡ በሁሉም ቃል ላይ አልደረሰም፤ «ዐይን» እና «ዘይት» በሁለቱም ወገን «አይ» እንደ ያዙ ቀርተዋል። ትግርኛም «ለይቲ» ሲል «አይ»ን ጠብቆ ሁለተኛውን «ለ» ጥሏል። አማርኛ ደግሞ «ሌት ተቀን» በሚለው አነጋገር እንደምናየው ቃሉን ይበልጥ አሳጥሮታል።

ይህ ሁሉ ለሥርወ ቃል ጥናት የሚጠቅም ነው። ነገር ግን ዘመድነት ፍችን አይተካም። አንድ ሰው «ለይላ» የሚለውን ስም ሰምቶ «ሌሊት» ብሎ ቢተረጉም፥ የአክስቷን ልጅ አይቶ «ራሷ ናት» እንደሚል ሰው ይሆናል። መልኳ ቢመሳሰል እርሷ አይደለችም።

እዚህ ላይ፥ «ለይላ»ን በዕብራይስጡ መጽሐፍ ኢሳይያስ 34 ላይ ከተጠቀሰችው «ሊሊት» ጋር የሚያያይዙ እንዳሉ እናስታውሳለን። ይህም በድምፅ መመሳሰል ብቻ የቆመ ነው። ሊቃውንት «ሊሊት»ን የሚያገናኙት «ሊሊቱ» ከሚለው የአካድኛ የመንፈስ ስም ጋር ሲሆን፥ ከሌሊት ጋር የተዛመደችው በኋላ ዘመን በሕዝብ አፈታት ነው። የአንዲትን ልጅ ስም ከሌሊት መንፈስ ጋር የሚያጣምር ማስታወሻ በመዝገብ ውስጥ ከመግባቱ በፊት አዘጋጁ ሁለት ጊዜ ሊያስብ ይገባዋል።

3. ሁለቱ «ለይላ»ዎች

የረቂቁ ዋና ስሕተት የተወለደው ከፊደል ነው። በዐረብኛ በእኛ ፊደል «ለይላ» ተብለው የሚጻፉ ሁለት ልዩ ልዩ ቃላት አሉ። የመጀመሪያው «ለይል» (የሌሊት ጊዜ በጠቅላላው) ከሚለው ቃል ወጥቶ «አንዲት ሌሊት» የሚል ነው፤ ይህም ዐረቦች «ታእ መርቡጣ» በሚሉት ፊደል ይጨርሳል፥ ቃሉ ከሚቀጥለው ጋር ሲያያዝም «ለይለት-» ይሆናል። ሁለተኛው የሴቲቱ ስም ነው፤ ይህ «አሊፍ መቅሱራ» በሚባለው ይጨርሳል፥ ሲያያዝም «ት»ን አያወጣም፥ እንደ ተራ ስምም በሦስቱ የአገባብ መድረሻዎች አይለዋወጥም። በአገራችን ከሚታወቁት ስሞች «ሰልማ» በዚህ ቅርጽ የተሠራ ነው፤ «ፋጢማ»፥ «ኸዲጃ»፥ «አሚና»፥ «ሰሚራ» ግን በታእ መርቡጣ የሚጨርሱ ናቸው።

ተናጋሪው በቃሉ ላይ ሲያርፍ ሁለቱም በጆሮ «ለይላ» ተብለው ስለሚሰሙና በእኛ ፊደል ልዩነቱን የሚያሳይ ምልክት ስለሌለ፥ ረቂቁ ሁለቱን አንድ አድርጓቸዋል። ማስረጃ አድርጎ የጠቀሰው «አልፍ ለይላ ወለይላ» የሚለው ርእስ የመጀመሪያውን ቃል የያዘ ነው። ትርጉሙም ሁላችን እንደምናውቀው «አንድ ሺህ አንድ ሌሊት» ነው። ሁለቱን ቃላት አንድ የሚያደርግ ሰው ርእሱን «ሺህ ለይላዎችና ለይላ» ብሎ ለመፍታት ምን ይከለክለዋል?

እንግዲህ በአሊፍ መቅሱራ የሚጨርሰው «ለይላ» ምንድን ነው? ኢብን መንዙር በ13ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ባዘጋጀው «ሊሳን አልዐረብ» በተባለው ታላቅ መዝገበ ቃላት ውስጥ ቃሉን እንደ ቅጽል እናገኘዋለን። ዐረቦች አንዲትን ሌሊት ረዥም፥ ከባድና ጽኑ ጨለማ ናት ለማለት ሲፈልጉ፥ «ሌሊት» ከሚለው ስም በኋላ ከዚያው ሥር የወጣ ማጽኛ ያስከትላሉ፤ ያም ማጽኛ «ለይላእ» ወይም «ለይላ» ይባላል። ከወሩ ሌሊቶች ሁሉ ጽልመቷ የበረታው፥ በአንዳንዶች አባባልም ጨረቃ ጨርሶ የማይታይባት የሠላሳኛዋ ሌሊት፥ በዚህ ቃል ትጠራለች። መዝገበ ቃላቱ ሴቲቱ «ለይላ» የተባለችው ከዚህ እንደሆነ ይነግረናል።

ስለዚህ ስሙ «ሌሊት» አይደለም፤ የሌሊት ቅጽል ነው፥ ያውም የሌሊትነት ጥግ። አማርኛችን ለዚህ የሚሆን ቃል አላጣም። «ድቅድቅ» የምንለው ከ«ጨለማ» በቀር ለሌላ እምብዛም የማይነገር ማጽኛ ነው፤ «ውድቅት» የምንለውም የሌሊቱን ጥልቀት ይገልጻል። ጥሬ ፍች ካስፈለገ «ድቅድቅ» ከ«ሌሊት» ይልቅ ይቀርባል። ይሁንና አንባቢ «ድቅድቅ» የሚለውን በሴት ልጅ ስም ላይ ሲያገኝ ግር ማለቱ አይቀርም። ይህ ግርታ ወደሚቀጥለው ነጥብ ይመራናል።

4. ጨለማ እንዴት ውበት ሆነ?

አማርኛ ተናጋሪ ልጁን ሲሰይም በአብዛኛው ወደ ብርሃን ይሄዳል፤ ፀሐይ፥ ጣይቱ፥ ብርሃኔ፥ ንጋት፥ ወጋገን ይላል። ጨለማ በአነጋገራችን የድንቁርና፥ የኀዘንና የስጋት ምሳሌ ነው። በዚህ ልማድ ያደገ ፈቺ «ለይላ»ን ሲያገኝ ምክንያት ፍለጋ ቢሄድና «በሌሊት ብትወለድ ነው» ብሎ ቢያርፍ አያስደንቅም፤ ምክንያቱም እኛ ዘንድ ብዙ ስም የልደትን ሁኔታ ይናገራል። ምትኩና ካሳ የሚባሉት በሞተ ወንድም ወይም እኅት ፈንታ የተገኙ ናቸው፤ ማስረሻም ያለፈውን ኀዘን እንዲያስረሳ የተሰየመ ነው። ረቂቁ የራሳችንን የስም አወጣጥ ልማድ ወስዶ ለዐረብኛው ስም አለበሰው። አለባበሱ አማርኛ ነው፤ አካሉ ግን አይደለም።

በዚህ ዓይነት የሚፈታ ሰው «ኸዲጃ»ን ምን ሊላት ነው? የቃሉ ሥር ግመል ጊዜው ሳይደርስ መጣሏን፥ ወይም ልጅ ወሩ ሳይሞላ መወለዱን ይናገራል። ነገር ግን ልጁን ኸዲጃ ብሎ የሰየመ አባት ወሯ ሳይሞላ ተወለደች ማለቱ አይደለም፤ የነቢዩ ሙሐመድ የመጀመሪያ ባለቤት የነበረችውን ሴት እያከበረ ነው። «ፋጢማ»ም ከ«ጡት ማስጣል» ሥር የወጣ ሆኖ ሳለ፥ ስያሜው የሚያስታውሰው የነቢዩን ልጅ ነው። ስም ሥር አለው፤ ዳሩ ግን ሰያሚው ዘወትር ሥሩን አይቆፍርም።

በበረሃ ለሚኖር ሕዝብ ሌሊት ሌላ ነገር ነው። ቀኑ የሚያቃጥል ሐሩር ነው፤ ሌሊት ግን የመንገድ፥ የኮከብና የዕረፍት ጊዜ ነው። ዐረብኛ ለሌሊት ጭውውት «ሰመር» የሚል ቃል ያለው ስለዚህ ነው፤ መዝገበ ቃላቱ ቃሉን ሰዎች ተሰብስበው ከሚያወጉበት ከጨረቃ ብርሃን ጋር ያገናኘዋል። በአገራችን እጅግ የተወደደው «ሰሚራ» የሚለው ስም ከዚሁ ወጥቶ «የምሽት አውጊ፥ የጨዋታ ጓደኛ» ማለት ነው። በግጥማቸውም የቆንጆ ጠጉር በሌሊት፥ ፊቷም በጨረቃ መመሰሉ የተለመደ ነው። ጨለማው የሚያስፈራ ባዶነት ሳይሆን፥ ብርሃኑ እንዲታይ የሚያደርግ ጥቁረት ነው። ይህን ስናስተውል ድቅድቅነት ለአንዲት ሴት ልጅ መጠሪያ እንዴት እንደ ተገባ ይገለጥልናል። እኛስ ብንሆን «ጥቁር ዐይን» እና «የጠይም ቆንጆ» ስንል ጥቁረትን በውበት ስፍራ አስቀምጠነው የለምን? ሐሳቡ ሩቅ አይደለም፤ የራቀው በስም አወጣጥ ላይ ብቻ ነው።

መዝገበ ቃላቱ አንድ ተጨማሪ ፍች ይሰጣል፤ «ለይላ» የስካር መጀመሪያ የሆነው ሞቅታ ነው ይላል። ከዚሁ ጋር «ኡሙ ለይላ» የተባለው የጥቁር ወይን ጠጅ መጠሪያ ነው። በአንድ አሮጌ ግጥም ውስጥ ይህን ያገኘ ተርጓሚ «የለይላ እናት» ብሎ ቢያልፍ፥ ጠጁን አሮጊት ያደርገዋል።

5. ስሙን የተሸከሙ ሴቶች

ስሙ ከእስልምና በፊት የነበረ ነው፤ ቁርኣን ውስጥም እንደ ሰው ስም አይገኝም፤ «ለይል» የሚለው ቃል ግን ይገኛል፥ የ92ኛው ምዕራፍ ርእስም እርሱ ነው። ስለዚህ የስሙ ክብር የመጣው ከሃይማኖት ታሪክ ሳይሆን ከዐረቦች የግጥምና የጎሣ ታሪክ ነው። ይህን ካልተናገረ ፍቹ ጎደሎ ነው።

ከቀደሙት አንዷ የሙሀልሂል ልጅ ለይላ ናት። አባቷ የተግሊብ ጎሣ ጀግናና ገጣሚ ሲሆን፥ በሕዝብ ትረካ በእርሷ ስም «አቡ ለይላ» እየተባለ ይጠራል፤ አባት በወንድ ልጁ ብቻ ሳይሆን በሴት ልጁም እንደሚጠራ ይህ ምስክር ነው። ልጇ ዐምር ኢብን ኩልሡም ከታላላቆቹ የቅድመ እስልምና ገጣሚዎች አንዱ ነው። በ6ኛው መቶ ዓመት የሒራ ንጉሥ የነበረው ዐምር ኢብን ሂንድ፥ እናቱን ማገልገል የምትጸየፍ የዐረብ ሴት ትኖር እንደሆነ ጠየቀ ይባላል፤ የነገሩትም የዚህችን ለይላን ስም ነው። ንጉሡም እናትና ልጅን ጠርቶ ጋበዘ። የንጉሡ እናት «ያንን ሳሕን አቀብይኝ» ስትላት፥ ለይላ የፈለገ ራሱ ተነሥቶ ያንሣ ስትል መለሰች። ደግማ ብታስጨንቃት «ተዋረድሁ!» ብላ ጎሣዋን ተጣራች፤ ልጇም ሰምቶ በድንኳኑ ውስጥ ተሰቅሎ የነበረውን የንጉሡን ሰይፍ አንሥቶ ንጉሡን ገደለው። ታሪኩ በትረካ የተዋበ ቢሆንም፥ «ለይላ» የሚለው ስም በዐረብ ጆሮ የእመቤትነት ድምፅ እንዳለው ያሳያል።

ሁለተኛዋ በ7ኛው መቶ ዓመት የኖረችው ለይላ አልአኽየሊያ ናት። እርሷ የተዘፈነላት ሳትሆን ራሷ ገጣሚ ናት። ወዳጇ ተውባ በተገደለ ጊዜ የደረደረችው ሙሾ በዐረብኛ ሥነ ጽሑፍ ከታወቁት የኀዘን ግጥሞች አንዱ ነው። በኸሊፋዎችና በአስፈሪው አገረ ገዢ በሐጃጅ ፊት ቆማ መናገሯም ተመዝግቧል። ከኸሊፋዎቹ አንዱ ተውባ ምን አይቶብሽ ወደደሽ ቢላት፥ ሕዝቡ አንተን ኸሊፋ ሲያደርግ ያየብህን አለችው ይባላል።

6. ስም ወደ ቃልነት ሲለወጥ

ሦስተኛዋ በኒ ዐሚር ከተባለው ጎሣ የሆነችው፥ ዓለም ሁሉ የሚያውቃት ለይላ ናት። ወዳጇ ቀይስ ኢብን አልሙለወሕ በነጅድ ምድር፥ በእስልምና የመጀመሪያ መቶ ዓመት እንደኖረ ይተረካል። ቀይስ ስለ ፍቅሩ በግልጽ ገጠመ፤ ስሟም በሰው አፍ ገባ። በዚያ ልማድ በግጥም በአደባባይ ስሟ የተነሣ ልጃገረድን ለገጣሚው መዳር ለቤተሰቡ ነውር ነበርና አባቷ ከለከለው፥ ለሌላም ተዳረች። ቀይስም ከሰው ተለይቶ ከአራዊት ጋር በምድረ በዳ ተቅበዘበዘ፤ «መጅኑን» ተባለ። ይህ ቃል ከ«ጅን» የወጣ ነውና ከ«እብድ» ይልቅ «የለከፈው» ለማለት ይቀርባል።

ልብ እንበል፤ የታሪኩ መቋጠሪያ ስምን መጥራት ነው። ገጣሚው የወዳጁን ስም በመጥራቱ አጣት። ከዚህ የተነሣ ሌሎች ገጣሚዎች የእውነተኛ ወዳጃቸውን ስም ሸሽገው በምትኩ ለይላ፥ ሂንድ፥ ሰልማ፥ ሱዓድ እያሉ ጠሩ። በ10ኛው መቶ ዓመት የኖረው አቡ አልፈረጅ አልኢስፈሃኒ በ«ኪታብ አልአጋኒ» የመጅኑንን ታሪክ ሲሰበስብ፥ መጅኑን የሚባል ሰው ፈጽሞ እንዳልነበረ የሚናገሩ መኖራቸውን፥ የኡመያ ወገን የሆነ አንድ ወጣት የአጎቱን ልጅ ወድዶ በዚህ ስም ተሸሽጎ እንደ ገጠመም የሚወራ መሆኑን ሳይደብቅ ጽፏል። እውነቱ የትኛውም ይሁን፥ ለቃላት ጥናት የሚጠቅመው ነጥብ ይህ ነው፦ «ለይላ» የአንዲት ሴት ስም መሆኗ ቀርቶ፥ እኛ «እገሊት» በምንለው ስፍራ ገባች፤ ልዩነቱ «እገሊት» ክብር የሌለው ባዶ መጠሪያ ሲሆን «ለይላ» ግን ፍቅርንና ናፍቆትን የተሸከመ መሆኑ ነው።

የሰዋስው ማስረጃም አለ። ዐረቦች እያንዳንዱ ሰው በገዛ ራሱ ጉዳይ ተይዟል ለማለት «ሁሉም ስለ ለይላው ይዘፍናል» የሚል ፈሊጥ አላቸው። የተጸውኦ ስም በተለምዶ የአገናዛቢ ቅጥያ አይቀበልም፤ «ለይላው» ማለት ከተቻለ ግን ስሙ የወል ስም ሆኗል ማለት ነው። እኛ ይህ ፈሊጥ «ሁሉም በሌሊቱ ይዘፍናል» ተብሎ ተተርጉሞ አይተናል። አንባቢው ሠርግ ቤት ያለ ይመስለዋል። በአማርኛ «ሁሉም በየፊናው ነው» ቢባል፥ ውበቱ ቢቀነስም መልእክቱ በደረሰ ነበር።

በአንጻሩ ደግሞ፥ የዐረብ ዘፋኝ መዋል የተባለውን ዜማ ሲጀምር «ያ ለይል፥ ያ ዐይን» እያለ የሚያንጎራጉረው በእውነት ሌሊትንና ዐይንን ነው። እዚያ ለይላ የለችም። እንግዲህ ተርጓሚው ሌሊቷን ሴት፥ ሴቲቱን ሌሊት እንዳያደርግ መዝገበ ቃላቱ አስቀድሞ ሊያስጠነቅቀው ይገባል።

ታሪኩ ከዐረብ ምድር ወጥቶ ሰፋ። ኒዛሚ እ.ኤ.አ. በ1188 በፋርስኛ በረዥም የትረካ ግጥም ጻፈው፤ ፉዙሊ በ16ኛው መቶ ዓመት በአዘርባይጃን ቱርክኛ ገጠመው፤ ዑዘይር ሐጂበዮቭ እ.ኤ.አ. በ1908 በባኩ ኦፔራ አድርጎ አቀረበው፤ አሕመድ ሸውቂ እ.ኤ.አ. በ1931 በዐረብኛ የግጥም ቲያትር አደረገው። እዚህም ጥንቃቄ ያሻል፤ የኒዛሚው ርእስ «ለይሊና መጅኑን» በሚል መስተጻምር የተያያዘ ሲሆን፥ የሸውቂው «መጅኑን ለይላ» ግን ዘርፍና ባለቤት ነው፥ «የለይላ እብድ» ማለት ነው። ሁለቱን በአንድ ዓይነት መተርጎም የሰዋስው ግድፈት ነው።

የሱፊ ገጣሚዎች ደግሞ ስሙን ከፍ ወዳለ ስፍራ ወሰዱት፤ ለይላ የምትፈለግ ግን የማትደረስ የመለኮት ምስጢር ምሳሌ ሆነች፥ መጅኑንም ራሱን በፍለጋ ያጠፋ ነፍስ። በዚህም ድቅድቁ ጨለማ ዳግመኛ ትርጉም አገኘ፤ ዐይን የማይዘልቀው ምስጢር ማለት ሆነ። መንፈሳዊ የዐረብኛ ግጥም የሚተረጉም ባለሙያ ይህን ካላወቀ፥ ጸሎቱን የዘፈን ግጥም አድርጎ ያቀርበዋል።

7. ስለ አጻጻፉ

ረቂቁ «ሌይላ፥ ላይላ፥ ሌላ ተብሎም ይጻፋል» ይላል። በእርግጥ ይጻፋል፤ ነገር ግን መዝገበ ቃላት የሚደረገውን ሁሉ ሳይመርጥ የሚያጸድቅ ከሆነ ለምን ይዘጋጃል? «ሌይላ» የመጣው በአብዛኛው ከእንግሊዝኛ አጻጻፍ ነው፤ ባይረን እ.ኤ.አ. በ1813 ባሳተመው ግጥም ስሙን ለአውሮፓ አንባቢ ካስተዋወቁት አንዱ ነው። «ላይላ»ም እንዲሁ በላቲን ፊደል የተጻፈውን አይቶ ከመገልበጥ የመጣ ነው፤ በዚህ አጻጻፍ እ.ኤ.አ. በ1970 የወጣ አንድ የታወቀ የእንግሊዝኛ ዘፈን ስሙን በምዕራቡ ዓለም አሰራጭቶታል። ከዐረብኛው በቀጥታ ለሚጽፍ ግን «ለይላ» ብቻ ትክክል ነው፤ በአገራችን ስሙን የሚጠሩትም እንዲሁ ነው የሚሉት።

«ሌላ» የሚለው ግን ከሁሉ የከፋ ነው። ይህን ስንል እኛም ከበደሉ ንጹሕ ሆነን አይደለም። በአስተማሪነታችን የመጀመሪያ ዓመታት፥ በአንድ ትምህርት ቤት የተማሪዎችን ስም ከመዝገብ ስንጠራ «ሌላ» የሚል አገኘን፥ ሳናስተውልም ጮክ ብለን ጠራን። ክፍሉ ሳቀ፤ ከኋላ አንዱ «ሌላ ማን?» አለ። ልጅቷ ግን እጇን አላወጣችም፤ ክፍሉ ሲበተን ቀርባ «መምህር፥ እኔ ለይላ ነኝ፤ ሌላ አይደለሁም» አለችን። ስሙን አያቷ እንዳወጡላት፥ ጸሐፊው እንደ ሰማ እንደ ጻፈው ነገረችን። የዚያን ቀን ማድረግ የነበረብንን፥ መዝገቡን ማረም፥ ለነገ አልነው፤ ነገም ለሌላ ነገ። ከዓመታት በኋላ የትምህርት ማስረጃዋ በዚሁ ስም ተዘጋጅቶ፥ ከሌሎች ወረቀቶቿ ጋር ባለመስማማቱ ብዙ እንደ ተንከራተተች ሰማን።

ስለዚህ «ተብሎም ይጻፋል» የሚለውን ቀላል ሐረግ ስናነብ ልባችን አይቀልም። ለእኛ የአጻጻፍ አማራጭ የሚመስለን ለባለቤቷ የማንነት ጉዳይ ነው። አንድ ፊደል ስሟን ወስዶ በምትኩ «እርሷ ያልሆነች» የሚል ቃል ሰጣት።

8. የቀረበ ፍች

ከላይ በተሰጠው ሐተታ መሠረት፥ የረቂቁ አዘጋጆች የቀድሞውን ፍች ሰርዘው የሚከተለውን ወይም ይህን የመሰለ እንዲተኩ እናሳስባለን።

«ለይላ፤ የተጸውኦ ስም፥ አንስታይ። ከዐረብኛ፤ በአሊፍ መቅሱራ የሚጨርስ፥ "አንዲት ሌሊት" ከሚለው በታእ መርቡጣ ከሚጨርሰው "ለይላ" የተለየ። ጥሬ ፍቹ፦ ድቅድቅ፥ ጽልመቷ የጸና (ለሌሊት የሚነገር ማጽኛ)። 1. ከእስልምና በፊት ጀምሮ የተከበረ የሴት ስም። 2. በግጥም፦ እውነተኛ ስሟ የተሸሸገ ወዳጅ ሁሉ መጠሪያ፤ መጅኑንን ተመልከት። 3. በፈሊጥ፥ ከአገናዛቢ ቅጥያ ጋር፦ የሰው የልቡ ጉዳይ። 4. በሱፊ ግጥም፦ የመለኮት ምስጢር ምሳሌ። ለዝምድናው ሌሊትን፥ ለባህሉ ሰሚራን ተመልከት። በአማርኛ ዘወትር ለይላ ተብሎ ይጻፋል፤ ሌይላ፥ ላይላ አይመረጡም፤ ሌላ ስሕተት ነው።»

ይህ ፍች ረዝሟል የሚል ተቃውሞ እንደሚቀርብ እናውቃለን። መፍቻው አንድ ሺህ ስም ቢይዝ እያንዳንዱ ይህን ያህል ስፍራ ሊወስድ አይችልም ይባል ይሆናል። መልሳችን አጭር ነው። እያንዳንዱ ስም ይህን ያህል አይጠይቅም፤ አንዳንዱ በአንድ መስመር ያልቃል። የሚጠይቀውን ግን በአንድ ቃል መዝጋት ማሳጠር ሳይሆን ማጉደል ነው። ስፍራ ከጠበበ ደግሞ «ሌሊት ማለት ነው» ከሚለው ይልቅ «የሴት ስም» ብቻ ብሎ ማለፍ ይሻላል፤ ያልተናገረ አያሳስትምና።

የረቂቁ አዘጋጆች ይህን ሂስ በወንድማዊ መንፈስ እንደተጻፈ አድርገው እንዲቀበሉን እንለምናለን። ሥራቸው እንዲታተም እንሻለን፤ የምንሻውም አንዲት ለይላ መጽሐፉን ገልጣ ስሟን ስትፈልግ፥ በትክክለኛው ሆሄ ተጽፎና በሚገባ ተፈትቶ እንድታገኘው ነው።